ከኋላ የሚነበብ ስም፦ «ነቬያ» ለአዳማ ልጅ ይሆናል?

የአዳማዋ እናት

ሰላም ለሁላችሁ። የምጽፈው ከአዳማ ሲሆን፣ ሴት ልጅ ለመውለድ ሁለት ወር ያህል ቀርቶኛል። ቨርጂኒያ የምትኖረው ታናሽ እህቴ «ነቬያ» የሚል ስም አውጥታ በስልክ ከነገረችኝ ወዲህ በቤታችን ስለዚህ ስም ያልተነጋገርንበት ቀን የለም። ከእናንተ መካከል አሜሪካ የኖረ ወይም የስም ነገር የሚገባው ሰው ካለ እንዲመክረኝ ብዬ ነው የጻፍኩት።

እህቴ እንዳስረዳችኝ ስሙ ከአያት ከቅድመ አያት የተወረሰ አይደለም። በእንግሊዝኛ መንግሥተ ሰማያትን የሚያመለክተው «ሄቨን» የሚለው ቃል ከመጨረሻው ፊደል ተጀምሮ ወደ መጀመሪያው ሲጻፍ የሚገኝ ነው። ይህን ስሰማ በመጀመሪያ የልጆች ጨዋታ መስሎኝ ነበር፤ ቀጥላ የተናገረችው ግን ከልቤ አልወጣ ብሏል። ከሁለት ዓመት በፊት የመጀመሪያ ልጄን በተወለደች በሦስተኛው ቀን አጥቻታለሁ። እህቴም «የመጀመሪያዋ ወደ ሰማይ ሄደች፤ ይህችኛዋ ከሰማይ ወደ እኛ ትመጣለች። ቃሉ ከኋላው መነበቡ ያንን መንገድ ተመልሶ እንደ መምጣት ነው» አለችኝ።

ባለቤቴ ስሙን ወዶታል። አማቴ ግን «እግዚአብሔር ያጸናውን ሰማይ ስለ ምን ትገለብጡታላችሁ? ሰማይን ከፈለጋችሁ ገነት አትሏትም ወይ?» ብለዋል። ስሙንም «ነቤያ» እያሉ ነው የሚጠሩት። ስለዚህ እንዲህ ያለው ስም በአሜሪካ እንዴት እንደሚታይ፣ በእኛ ፊደል ሲጻፍ ትርጉሙ ይተርፍ እንደሆነ፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ ልጄን ሳታውቀው ሐዘን አሸክማት እንደሆነ የሚመስላችሁን እንድትነግሩኝ እለምናችኋለሁ።

ተመላሽ

እህቴ፣ እንኳን ለዚህ አደረሰዎት፤ በሰላም ይገላግልዎት። እኔ አሜሪካ 17 ዓመት ኖሬ የተመለስኩ ነኝ። ከዚያ ውስጥ የተወሰነውን ጊዜ በአንድ የሕፃናት ማቆያ ስለ ሠራሁ፣ ይህን ስም የማውቀው ከወሬ ሳይሆን ከልጆች ቦርሳ ላይ ነው።

ታሪኩ አጭርና ግልጽ ነው። ፒ ኦ ዲ የተባለው የሳንዲያጎ የሮክ ባንድ ድምፃዊ ሰኒ ሳንዶቫል እ.ኤ.አ. በ2000 በኤም ቲቪ ቴሌቪዥን የታዋቂ ሰዎችን ቤት በሚያሳይ ዝግጅት ላይ ሕፃን ልጁን ይዞ ቀረበ፤ ስሟም «ሄቨን» ከኋላ ሲነበብ የሚገኘው መሆኑን ተናገረ። ሰውየው ክርስቲያን ነው፤ ባንዱም በእምነቱ የታወቀ ነበር። የአሜሪካ የማኅበራዊ ዋስትና አስተዳደር በየዓመቱ በሚያወጣው የስም መዝገብ መሠረት እ.ኤ.አ. በ1999 በመላው አገሪቱ ይህ ስም የተሰጣቸው ሴት ሕፃናት 8 ብቻ ነበሩ። በ2001 ግን 1,191 ሆኑ። በ2005 ደግሞ 4,457 ደርሰው ስሙ ከሴቶች ስሞች መካከል 70ኛ ሆነ፤ በ2010 እስከ 25ኛ ደረጃ ወጣ። አንድ ስም ከምንም ተነሥቶ በአሥር ዓመት ውስጥ እዚህ መድረሱ በዚያ አገር የስም ታሪክ እጅግ ያልተለመደ ነው። ከዚያ ወዲህ ደረጃው እየወረደ መጥቷል። ስለዚህ ልጅዎ አዳማ ውስጥ ብቻዋን ብትሆንም፣ አክስቷ ዘንድ ለጥየቃ ብትሄድ የስሟን ተጋሪዎች ማግኘቷ አይቀርም። ብርቅነቱን ብለው ብቻ ከሆነ የሚመርጡት ይህን ቢያስቡበት መልካም ነው።

ለምን ተወደደ የሚለውን ሳስብ ሁለት ነገር ይታየኛል። አንደኛው ድምፁ ነው። በ«ያ» መጨረሱና መካከሉ መለስለሱ፣ አሜሪካውያን በዚያን ዘመን ለሴት ልጅ ይወዷቸው ከነበሩት ማያን ከመሰሉ ስሞች ጎን ያለ ችግር ያሰልፈዋል። ትርጉሙን ያልሰማ ሰው የተፈበረከ ስም መሆኑን አይጠረጥርም። ሁለተኛው ግን ይበልጥ የሚከብድ ይመስለኛል። ወላጅ እምነቱን በልጁ ስም ላይ ሊያኖር ይፈልጋል፤ ይሁን እንጂ በየመንገዱ ሊያውጀው አይወድም፤ ይህ ስም ሁለቱንም ይፈቅድለታል። በማቆያው የማውቃት አንዲት እናት ልጇን ስታስረክበኝ «ከኋላ አንብበው» ብላ ፈገግ ያለችው እስካሁን ትዝ ይለኛል። የምትወደውን ነገር ለእንግዳ ሰው የምታካፍል ትመስል ነበር።

የሚነቅፉትም ብዙዎች ናቸው። ገሚሱ እንግዳ ነገር ነው ብሎ፣ ገሚሱ ደግሞ ልክ እንደ አማትዎ የሰማይ ግልባጭ ምድር ወይም ከዚያ የባሰ ነው ብሎ ይነቅፋል። ይሁን እንጂ ፊደል መገልበጥ ቀድሞም ያልነበረ ነገር አይደለም። በስኮትላንድ «ሴንጋ» የሚባል የሴት ስም አለ፤ «አግነስ» ከኋላ ሲነበብ የተገኘ ነው ይባላል። የኦፕራ ዊንፍሪ ድርጅት «ሃርፖ» መባሉም የስሟ ፊደላት ከኋላ ተነብበው ነው። የራሷ የኦፕራ ስምም ቢሆን በመጽሐፈ ሩት ካለችው ዖርፋ የመጣ ሲሆን፣ ሰዎች ሁለት ፊደላትን እያቀያየሩ ስለ ጠሩት በዚያው ጸንቶ ቀርቷል።

አንድ ምክር ልጨምር። ትክክለኛው አጻጻፍ ኤን፣ ኢ፣ ቪ፣ ኤ፣ ኢ፣ ኤች ነው። አሜሪካ ውስጥ እንኳ ብዙ ወላጆች «ኤ» እና «ኢ»ን ያቀያይሯቸዋል፤ ያን ጊዜ ከኋላ ሲነበብ ሰማይ የሚለው ቃል አይገኝም። በማቆያው ይህ ስም ከነበራቸው ሦስት ልጆች አንዷ እንዲህ ተጽፋ ነበር፤ እናቷም ነገሩን ያወቀችው ልጅቱ ሁለት ዓመት ሲሞላት ነው።

የቅኔ ተማሪ

ልጄ፣ እኔ የእንግሊዝኛ ሊቅ አይደለሁም፤ ነገር ግን ከልጅነቴ ጀምሮ የአብነት ትምህርት ስለ ተማርሁ ስለ ፊደልና ስለ ምሥጢር ጥቂት የምለው አለኝ።

በእኛ ዘንድ ቃል ምሥጢሩን የሚሸሽገው በጆሮ ነው። ሰምና ወርቅ የሚሠራው አንድ ድምፅ ሁለት ሆኖ ሲሰማ ነው፤ ኅብረ ቃሉን ለማግኘት ብራና አያስፈልግም። ዓይነ ስውራን ሊቃውንት ቅኔ ሲቀኙና ሲያስተምሩ የኖሩትም ስለዚህ ነው። እህትሽ ያመጣችው ስም ግን ምሥጢሩን የሚሸሽገው በዓይን ነው። «ነቬያ» የሚለውን ድምፅ ደጋግሞ የሰማ ሰው፣ እንግሊዛዊም ቢሆን፣ የተጻፈውን ካላየ ሰማይን አያገኝበትም። የተገለበጠው ፊደሉ እንጂ ድምፁ አይደለምና፤ በስሙ መጨረሻ ላይ ያለው «ኤች» የሚጻፍ እንጂ የሚነበብ አይደለም።

ወደ እኛ ፊደል ሲመጣ ነገሩ የባሰ ይሆናል። በላቲኑ ፊደል ተናባቢውና አናባቢው ለየብቻ ይቆማሉ፤ በእኛ ፊደል ግን በአንድ አካል ይኖራሉ። ስለዚህ «ሄቨን» ብለን ጽፈን ብንገለብጠው «ንቨሄ» ይሆናል፤ «ሰማይ» የሚለውን ብንገለብጠውም «ይማሰ» ይሆናል። ሁለቱም ለልጅ ስም የሚበቁ አይደሉም፤ ሁለቱም «ነቬያ» አይደሉም። በግልጽ ለመናገር ትርጉሙ በእኛ ፊደል አይተርፍም። ልጅሽ በደብተሯ ላይ በአማርኛ «ነቬያ» ብላ ስትጽፍ የምትጽፈው ድምፁን ብቻ ነው። ይህን ያልኩት ስሙን እንድትተዪው ሳይሆን አውቀሽው እንድትመርጪ ነው።

አማትሽ «ነቤያ» ማለታቸውም ስሕተት ተብሎ ሊታረም አይገባውም። «ቨ» በግእዝ ያልነበረ፣ ለባዕድ ቃላት ሲባል ከ«በ» የተቀጸለ ፊደል ነው። ያለዚያ ድምፅ ያደገ አንደበት «በ» ማለቱ የታወቀ ነው። ደግሞም ጆሮ እንግዳ ቃል ሲሰማ ዘመድ ይፈልግለታል፤ «ነቤያ» ያሉት እናት ጆሯቸው የወሰዳቸው ወደ ነቢያት ይመስለኛል። ሰፈሩም ሁሉ እንዲህ ሊሰማው ይችላል፤ ይህም ለሕፃን ክፉ መጠሪያ አይደለም።

ሰማይ አይገለበጥም ላሉት ግን ከመጽሐፍ የማስታውሰውን ልንገርሽ። በትንቢተ ኤርምያስ ምዕራፍ 25 ቁጥር 26 ላይ «ሼሻክ» የምትባል አለች። ሼሻክ ባቢሎን ናት፤ የዕብራይስጡ የመጀመሪያ ፊደል በመጨረሻው፣ ሁለተኛው ከመጨረሻው ቀጥሎ ባለው እየተተካ የተጻፈች ናት። ቅዱስ መጽሐፍ ራሱ ስምን በፊደል ሲሰውር አይተናልና፣ ፊደል መገልበጥ ብቻውን ነውር ሊባል አይችልም።

ይሁንና ሰማይን በስም ማኖር ከፈለጋችሁ፣ ቤተ ክርስቲያናችን ሰባቱን ሰማያት በየስማቸው ታውቃቸዋለች፦ ጽርሐ አርያም፣ መንበረ መንግሥት፣ ሰማይ ውዱድ፣ ኢየሩሳሌም ሰማያዊት፣ ኢዮር፣ ራማ፣ ኤረር። ዛሬ አርያም፣ ኢዮርና ራማ የሚባሉ ልጆችን በየሰፈሩ እናገኛለን። ገነትማ የቆየ ነው፤ ሁላችንም አክስት ወይም ጎረቤት ገነት አለችን። እነዚህ ስሞች በጆሮ የሚገቡ፣ በፊደላችንም ሙሉ ሆነው የሚጻፉ ናቸው። እኔ ብጠየቅ አርያምን እመርጥ ነበር፤ ምርጫው ግን የወላጅ ነው።

ናዝሬት

እኔ ስሜ ናዝሬት ነው፤ የተወለድኩት በዚሁ በከተማችን፣ ከተማዋ ናዝሬት ትባል በነበረበት ጊዜ ነው። ንጉሠ ነገሥቱ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ከመጽሐፍ ቅዱስ ወስደው የሰጧት ስም ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ2000 ደግሞ ወደ ቀድሞ ስሟ ወደ አዳማ ተመለሰች። አዳማም ቁልቋል ከሚለው የኦሮምኛ ቃል የመጣ ነው ይባላል። ዛሬም ግማሹ ሰው አንዱን፣ ግማሹ ሌላውን ይላል፤ መነኻሪያ ቆማችሁ ብትሰሙ ሁለቱንም በአንድ ጊዜ ትሰማላችሁ። የኔ ስም ግን ከከተማዋ ጋር አልተለወጠም። ሰው ናዝሬት ብሎ ሲጠራኝ ዕብራይስጡንም ሆነ ንጉሡን አያስብም፤ እኔን ነው የሚያስበው። የእህቴ ልጅም እንዲሁ ይሆንላታል ብዬ አምናለሁ።

ዋቃ የሚለውን ቃል አንድ ሰው እንዲያነሣ ጠብቄ ነበር። በአፋን ኦሮሞ ፈጣሪም ሰማይም በዚሁ በአንድ ቃል ይጠራሉ። አማትሽ ሰማይ ሲነካ የፈጣሪ ስም የተነካ መስሎ ቢሰማቸው፣ በዚህ አካባቢ ለኖረ ሰው እንግዳ ስሜት አይደለም።

ከመዝገብ ቤት

ለብዙ ዓመታት በመንግሥት መሥሪያ ቤት መዝገብ ቤት ስለ ሠራሁ የማተኩረው በወረቀቱ ጉዳይ ላይ ነው።

በወሳኝ ኩነት ምዝገባ አዋጅ ቁጥር 760/2004 መሠረት ልደት በ90 ቀናት ውስጥ መመዝገብ ይኖርበታል። ክርስትናዋ በ80ኛው ቀን የሚፈጸም ከሆነ፣ የዓለም ስሟንም የክርስትና ስሟንም በእርጋታ አስባችሁ ከጨረሳችሁ በኋላ ለመመዝገብ ዐሥር ቀን ይቀራችኋል ማለት ነው፤ ጠባብ ቢሆንም ይበቃል። ዋናው ነገር የላቲን አጻጻፉን ራሳችሁ በወረቀት ጽፋችሁ ማቅረባችሁ ነው። በቃል ብቻ ከተናገራችሁ መዝጋቢው እንደ ሰማው ይጽፈዋል፤ በቁቤም ሲጻፍ እንደ ድምፁ ነውና ያው ይሆናል። ያን ጊዜ በልደት የምስክር ወረቀቱና ኋላም በፓስፖርቱ ላይ የሚወጣው ስም ከኋላ ሲነበብ ምንም የማይል ይሆናል። አንድ ጊዜ ከተመዘገበ በኋላ ስም ማስለወጥ ፍርድ ቤት ድረስ የሚያመላልስ ጉዳይ ነው፤ በአንዲት ፊደል ምክንያት ብዙ ሰው ሲንገላታ አይቻለሁ።

ከዚህ ጋር አንድ ነገር ሳልናገር ማለፍ አልፈልግም። ከላይ «የሰማይ ግልባጭ» የሚለው አነጋገር እንደ ነቀፋ ተነሥቷል። እኔ ግን ዕድሜዬን ሙሉ «ግልባጭ» የሚለውን ቃል ያነበብኩት በደብዳቤ ግርጌ ነው። ዋናው ደብዳቤ ለአንድ ሰው ይሄዳል፤ ከሥሩ «ግልባጭ» ተብሎ ለእገሌ ክፍል ይጻፋል፤ የደረሰው ሰውም ያንኑ ቃል አንድም ሳይጎድል ያነባል። በቋንቋችን ግልባጭ ማለት ተቃራኒ ብቻ አይደለም፤ ቅጂም ነው። የሰማይ ግልባጭ ሲባል ሰማይ የተናገረው ለእኛም ደረሰን ተብሎ ሊሰማ እንደሚችል አማትዎ እንዲያውቁ እወዳለሁ።

ማስረሻ

ስለ ሐዘኑ የጠየቁትን ማንም ስላልመለሰ እኔ ልሞክር፤ ጉዳዩ የራሴም ስለሆነ ነው።

ስሜ ማስረሻ ነው። እናቴ ከእኔ በፊት የወለደችው ወንድሜ በሕፃንነቱ ስለ ሞተባት፣ እኔ ስወለድ ይህን ስም አወጡልኝ። አገራችን በእንዲህ ዓይነቱ ስም የተሞላች ናት፤ ምትኬ፣ ካሳ፣ ካሰች፣ ተካልኝ የሚባል ሰው ሁሉ ከበስተኋላው አንድ የሄደ አለው። ስሙን የሰማ የጎረቤት ሰው ሁሉ ታሪኩን ያውቃል። ሰባት ወይም ስምንት ዓመት ሲሆነኝ ሥራዬ ማስረሳት መሰለኝ። እናቴ ዝም ብላ ወደ ደጅ ስታይ ያልተወጣሁት ነገር ያለ እየመሰለኝ እጨነቅ ነበር። እናቴን አልወቅስም፤ በፍቅር ያወጣችው ስም ነው፤ ከዓመታት በኋላም ስነግራት አለቀሰች።

ስለዚህ በነቬያ የወደድኩት እናንተ ጉድለት ያላችሁትን ነው። ትርጉሙ በእኛ ፊደል አይታይም፣ በጆሮም አይሰማም ተብሏል። ልጅቱ ያለምንም ጥያቄ በሰፈሯ ነቬያ ወይም ነቤያ ተብላ ታድጋለች፤ ማንም ሰው መንገድ ላይ አይቷት «ለካ አንዲት ሄዳባቸዋለች» አይልም። እናቷ ጊዜው ሲደርስ፣ ልጅቱ እንግሊዝኛ ፊደል ስትለይ፣ አጠገቧ ተቀምጣ ታሳያታለች። መቼና እንዴት እንደሚነገር የሚወስነው እናት እንጂ ሰፈሩ አይሆንም። እኔ ይህ ዕድል አልነበረኝም።

አንድ ነገር ብቻ እለምንዎታለሁ። ሲነግሯት የእህቷ ምትክ ናት ብለው አይንገሯት። ታናሽ እህትዎ ያሉት «ተመልሶ መምጣት» ለእናት ልብ መጽናኛ ነው፤ ለልጅ ግን ሌላ ሰው ሆና እንደ ተወለደች ሊሰማት ይችላል። የመጀመሪያዋ ስም ኖሯት እንደሆነ በዚያው ስሟ ትጠራ፤ ይህችኛዋም የራሷ ትሁን።

የአዳማዋ እናት

ሁላችሁንም እግዚአብሔር ይስጥልኝ። አንዳንዱን እያነበብኩ አልቅሻለሁ፤ በተለይ ወንድሜ ማስረሻ የጻፉትን ለባለቤቴ ሁለት ጊዜ አንብቤለታለሁ። የመጀመሪያዋ ስም ነበራት፤ አባቷ ነው ያወጣላት፤ እስከ ዛሬ ግን በቤታችን ጮክ ብለን ጠርተናት አናውቅም ነበር። ትናንት ማታ ጠራናት።

የኔታ፣ አርያምን ለክርስትና ሳይሆን ለቤት መጠሪያ እናስበው ብለን ተነጋግረናል፤ የክርስትና ስሟን እንደ ወጉ ካህኑ ያወጡላታል። ለመዝገብ የሚሆነውን ስም ግን ለአማቴ ሳላስረዳ መቍረጥ አልፈለግሁም። ዛሬ ከቡና በኋላ ወረቀት አምጥቼ ቃሉን በትልልቁ ጻፍኩላቸውና በጣታቸው ከመጨረሻው ፊደል ጀምረው እንዲከተሉ አደረግኋቸው። እንግሊዝኛ ባያነቡም የፊደላቱን ቅርጽ እያመሳሰሉ እስከ መጨረሻው ሄዱ። ከዚያ የመዝገብ ቤቱ ወንድማችን ስለ ግልባጭ የጻፉትን ነገርኳቸው። ባለቤታቸው፣ ነፍሳቸውን ይማርና፣ ጸሐፊ ስለነበሩ ቃሉን ወዲያው ያዙት። ወረቀቱን ለረጅም ጊዜ ሲያዩ ቆይተው «እንግዲያውስ ዋናዋ እዚያ ከሆነች፣ ግልባጩ ለእኛ ይሁን» አሉ።

ወረቀቱን አጥፌ ከእርግዝና ክትትል ካርዴ ጋር አስቀምጬዋለሁ። «ኤ» ከ«ኢ» መቅደሟን ሦስት ጊዜ አረጋግጫለሁ።